ፉትቦልን የወለዱት ሃርቫርድና ዬል ለምን ወደ ኋላ አሉ?

ቻርልስ_ወንዝ (ውይይቱን የከፈተው)፦

ሰላም ለሁላችሁ። ስለ አሜሪካ ፉትቦል ሲወራ ብዙዎቻችን የምናስበው እንደ አላባማና ኦሃዮ ስቴት ያሉ ዩኒቨርሲቲዎችን፣ ወይም እሁድ እሁድ በቴሌቪዥን የሚታየውን የባለሙያዎቹን ሊግ ኤንኤፍኤልን ነው። ጨዋታውን የፈጠሩት ግን እነዚህ አይደሉም። ሃርቫርድ፣ ዬልና ፕሪንስተን ናቸው። ሕጉን የጻፉት እነሱ ናቸው። ትልልቁን ስታዲየም ቀድመው የሠሩት እነሱ ናቸው። ሜዳ ላይ ሰው ሲሞት ዋይት ሀውስ የተጠሩትም እነሱ ናቸው። ዛሬ ግን አይቪ ሊግ በሚባል በራሳቸው ትንሽ ሊግ ውስጥ ነው የሚጫወቱት። ይህን ታሪክ በጣም እወደዋለሁ። የአሜሪካ ትልልቅ ቤተሰቦች ልጆቻቸውን ምን ዓይነት ሰው ማድረግ እንደፈለጉ ቁልጭ አድርጎ ያሳያል። እስቲ እንወያይበት። ዓመቶቹን ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ነው የምጽፈው።

ነገሩ የሚጀምረው ኖቬምበር 6, 1869 ነው። ኒው ጀርሲ ውስጥ ረትገርስ ፕሪንስተንን አስተናግዶ 6 ለ 4 አሸነፈ። በየወገኑ 25 ሰው ተሰለፈ። ኳስ ይዞ መሮጥ አይፈቀድም ነበር። ያን ቀን ቆሞ ያየ ሰው ከዛሬው ፉትቦል ይልቅ የእኛ እግር ኳስ ይመስለው ነበር።

ለውጡ የመጣው ሃርቫርድ እምቢ በማለቱ ነው። ሃርቫርዶች ኳሱን አንስቶ መሮጥ የሚፈቅድ የራሳቸው ጨዋታ ነበራቸው። በ1873 ዬልና ፕሪንስተንን ጨምሮ ሌሎቹ ለጋራ ሕግ ሲሰበሰቡ ሃርቫርድ ቀረ። ቀረና ተጋጣሚ አጣ። ስለዚህ ከካናዳ፣ ከሞንትሪያሉ ማክጊል ዩኒቨርሲቲ ጋር ተቀጣጠረ። በሜይ 1874 ሁለት ቀን ተጫወቱ። አንዱን ቀን በሃርቫርድ ሕግ፣ ሌላውን ማክጊሎች ይዘውት በመጡት የራግቢ ሕግ። የራግቢው ግጥሚያ 0 ለ 0 አለቀ። ልባቸውን የሰረቀው ግን እሱ ነው። በዓመቱ ዬልን አግባብተው ኖቬምበር 13, 1875 በዬል ከተማ ኒው ሄቨን ላይ ገጠሙ፤ ሃርቫርድ 4 ለ 0 አሸነፈ። እስከ ዛሬ የቀጠለው የሁለቱ ፉክክር ከዚህ ይነሳል።

ከዚያ ወዲያ ብዙው ነገር የአንድ ሰው ሥራ ነው። ዋልተር ካምፕ ይባላል። ዬል ተምሮ፣ ለዬል ተጫውቶ፣ በኋላም በሰዓት ፋብሪካ እየሠራ ቡድኑን ይመራ የነበረ ሰው ነው። በ1880 የተጫዋቹን ቁጥር ከ15 ወደ 11 አስቀነሰ። ትልቁ ሐሳቡ ግን ሌላ ነው። በራግቢ ኳሱ ግፊያ መሃል ይገባል፤ ማን እንደሚያወጣው አይታወቅም። ካምፕ ይህን አስቀረ። ኳሱ በግልጽ የአንድ ቡድን ይሁን፣ ሌላው ከመስመሩ ማዶ ይቁም አለ። ጨዋታው ቀድሞ የሚታቀድ ነገር የሆነው ያኔ ነው።

ግን ወዲያው ሌላ ችግር መጣ። ኳሱን የያዘው ቡድን ሳይለቅ መቀመጥ ቻለ። በ1881 ፕሪንስተንና ዬል እንደዚያ ሲያደርጉ ውለው 0 ለ 0 ተለያዩ። ተመልካቹ ተንገፈገፈ። ስለዚህ በ1882 አዲስ ሕግ ወጣ፤ በሦስት ሙከራ 5 ያርድ (4.5 ሜትር ያህል) ያልሄደ ቡድን ኳሱን ይለቃል። ሜዳው ላይ እየተከታተለ የተሰመረው መስመር የዚህ ሕግ ልጅ ነው።

ጥያቄዬ እንግዲህ ይህ ነው። እንዲህ ለፍተው ያሳደጉትን ጨዋታ ለምን ለሌላ ሰጥተው ዞር አሉ? የእኔን ሐሳብ የእናንተን ካየሁ በኋላ እጽፋለሁ።


ካዛንቺስ_10፦

ደስ የሚል ርዕስ ነው ወንድሜ። እኔ ያለሁት አዲስ አበባ ነው፤ የእኔ ኳስ እግር ኳስ ነው። ግን የእኛም ኳስ ቢሆን ከዩኒቨርሲቲ ግቢ ጋር የተያያዘ ነው። በ1848 እንግሊዝ አገር ካምብሪጅ ውስጥ ከተለያዩ የሀብታም ልጆች ትምህርት ቤቶች የመጡ ተማሪዎች አንዱ የሌላውን ሕግ አልቀበል ስላለ ተቀምጠው የጋራ ሕግ ጻፉ። በ1863 የእንግሊዝ እግር ኳስ ማኅበር ሲቋቋም የካምብሪጆች ሐሳብ ትልቅ ቦታ ነበረው። ኦክስፎርድ ዩኒቨርሲቲ በ1874 ኤፍኤ ካፕ በልቷል። ይህን ስነግራቸው የማያምኑኝ ጓደኞች አሉኝ።

በ1883 ግን ብላክበርን ኦሊምፒክ መጣ። የፋብሪካ ሠራተኞች ያሉበት ቡድን ነው። በፍጻሜው የሀብታም ትምህርት ቤት ምሩቃኑን ቡድን ኦልድ ኢቶኒያንስን አሸንፎ ዋንጫውን ወደ ሰሜን ወሰደው። ከዚያ በኋላ የጌቶቹ ቡድኖች ያን ዋንጫ ደግመው አላነሱም። እንግሊዝ ውስጥ ጨዋታው ከእጃቸው ተነጠቀ ማለት ነው። አሜሪካኖቹስ ተነጠቁ ወይስ ራሳቸው ለቀቁ?

ሌላም ጥያቄ አለኝ። የባለ ባንክና የሴናተር ልጅ አጥንት የሚሰበርበት ጨዋታ ውስጥ ምን ይሠራል? እኛ «በገና ጨዋታ አይቆጡም ጌታ» እንላለን። በገና ጌታና ሎሌ አንድ ሜዳ ይወርዳሉ፤ ጌታው ቢመታም ያን ቀን ይችለዋል። እነዚህ ግን ጌታ ከጌታ ጋር ነው የሚሰባበሩት። ለምን?


ቻርልስ_ወንዝ፦

ካዛንቺስ፣ የነገሩን እምብርት ነው የነካኸው። መልሱ ያለው ከ1861 እስከ 1865 በነበረው የአሜሪካ የእርስ በርስ ጦርነት ውስጥ ነው። የእነዚህ ዩኒቨርሲቲዎች ልጆች በጦርነቱ ዘምተው ሞተዋል። ቀጥሎ የመጣው ትውልድ ግን ጦርነት አላየም። አባቱና ታላቅ ወንድሙ ጀግና፣ እሱ ደግሞ በምቾት ያደገ ልጅ ነው። በዘመኑ ብዙ ሰው «ልጆቻችን ለሰለሱ» የሚል ፍርሃት ነበረው። ፉትቦል ወንድነት የሚፈተንበት ቦታ ሆነላቸው።

የሃርቫርድ ስታዲየም የቆመበት ቦታ የወታደሮች ሜዳ ነው የሚባለው። ሄንሪ ሊ ሂጊንሰን የተባለ የቦስተን ባለ ባንክ በ1890 ለዩኒቨርሲቲው ሲሰጠው በጦርነቱ ለዘመቱ ስድስት ሟች ጓደኞቹ መታሰቢያ አድርጎ ነው። ከስድስቱ አንዱ ሮበርት ጉልድ ሾው ነው፤ የጥቁር ወታደሮችን 54ኛ የማሳቹሴትስ ክፍለ ጦር እየመራ በ1863 የሞተው። ልጆቹ ኳስ የሚጫወቱት በሙታን ስም በተሰጠ መሬት ላይ ነው። በዚያ ሜዳ ላይ ተጎድቶ መውጣት ለእነሱ ክብር ነበር።

ጨዋታው እየከፋ ሄደ። በ1892 ሎሪን ዲላንድ የሚባል ሰው ለሃርቫርድ አዲስ ስልት አመጣ። ዲላንድ ፉትቦል ተጫውቶ አያውቅም፤ ቼዝና የጦር ታሪክ ነበር የሚወደው። ተጫዋቾቹ በሁለት ወገን ከሩቅ እየሮጡ መጥተው የሾለ ሰልፍ ይሠራሉ፤ ኳስ የያዘው ከውስጥ ሆኖ ይከተላል። የሰልፉ ጫፍ በዬል መስመር አንድ ቦታ ላይ በሙሉ ጉልበት ያርፋል። እንግዲህ ያን ጊዜ ሄልሜት የሚያደርግ ሰው እንደሌለ አስቡት። ስልቱ ሁለት ዓመት ሳይሞላው ተከለከለ። በ1894 ሃርቫርድና ዬል ስፕሪንግፊልድ ላይ ሲገናኙ ግን ያለ እሱም ብዙ ሰው ተጎዳ። ሁለቱ ዩኒቨርሲቲዎች ተኳርፈው በሚቀጥሉት ሁለት ዓመታት ሳይጋጠሙ ቀሩ።

1905 ላይ ነገሩ ሞልቶ ፈሰሰ። በመላው አገሪቱ ያን ዓመት በፉትቦል ቢያንስ 18 ሰው ሞተ። ፕሬዚዳንት ቴዎዶር ሩዝቬልት በ1880 ከሃርቫርድ የተመረቀ ሰው ነው። ልጁም በዚያው ዓመት ለሃርቫርድ የአንደኛ ዓመት ተማሪዎች ቡድን ይጫወት ነበር። ኦክቶበር 9 ቀን የሃርቫርድን፣ የዬልንና የፕሪንስተንን ሰዎች ዋይት ሀውስ ጠራቸው። ሩዝቬልት ጨዋታው ይጥፋ አላለም፤ ይስተካከል ነው ያለው። የሃርቫርዱ ፕሬዚዳንት ቻርልስ ኤሊየት ደግሞ ጨዋታውን አጥብቆ ይቃወም ነበር። ኮሎምቢያ ዩኒቨርሲቲ ጭራሽ ዘጋው፤ እስከ 1915 አልተመለሰም። ዛሬ ኤንሲኤኤ የምንለው የዩኒቨርሲቲዎች ስፖርት ድርጅት በ1906 የተወለደው ከዚህ ቀውስ ነው።

ከዚህ ሁሉ በጣም የሚገርመኝ አንድ ነገር አለ። ተጫዋቾቹ ተጨናንቀው እንዳይረጋገጡ ካምፕ ያቀረበው መፍትሔ ሜዳውን ማስፋት ነበር። የሃርቫርድ ስታዲየም ግን በ1903 በኮንክሪት ተሠርቶ አልቋል። ግድግዳው ወዴትም አይሄድም። ስለዚህ ካምፕ ያልወደደው ሌላው ሐሳብ፣ ኳሱን ወደ ፊት መወርወር፣ በ1906 ተፈቀደ። ዛሬ ሚሊዮኖች የሚከፈለው ኳርተርባክ (ኳሱን የሚወረውረው ተጫዋች) ለዚያ ኮንክሪት ብዙ ዕዳ አለበት።


ሜሪላንድ_እናት፦

እየተማርኩ ነው፣ እግዚአብሔር ይስጥልኝ። እኔ ግን የዛሬውን ልጠይቅ። ልጄ ሃይስኩል ነው፣ ፉትቦል ይጫወታል። አባቱ በደስታ ነው የሚያየው፤ እኔ ጨዋታ ባለ ቀን ሆዴ ይላወሳል። አሰልጣኙ «ውጤቱ ጥሩ ስለሆነ አይቪ ሊግ ሊፈልጉት ይችላሉ» አለን። ግን እነሱ ለስፖርት ስኮላርሺፕ አይሰጡም ይባላል። ታዲያ ምኑ ነው ጥቅሙ? ጭንቅላቱስ? ስለዚህ የምታውቁ ንገሩኝ።


ዶርቼስተር፦

እህቴ ሜሪላንድ፣ የምችለውን ልንገርሽ።

አዎ፣ የስፖርት ስኮላርሺፕ የላቸውም። የአይቪ ሊግ ስምንት ዩኒቨርሲቲዎች በ1945 ለፉትቦል ብቻ ተስማሙ፤ በ1954 ስምምነቱን ወደ ሌሎች ስፖርቶች አሰፉት። ሊጉ በመደበኛነት መጫወት የጀመረው በ1956 ነው። መሠረቱ አንድ ነው፤ ተጫዋቹ እንደ ማንኛውም ተማሪ ይታይ፣ ለኳስ ተብሎ ገንዘብ አይሰጠው።

ግን በዚህ አትደንግጪ። እርዳታ የሚሰጡት በቤተሰብ ገቢ ነው፤ እሱም ብዙ ነው። ሃርቫርድ ለምሳሌ ከ2025 መኸር ጀምሮ የቤተሰቡ ገቢ በዓመት 200,000 ዶላርና ከዚያ በታች ለሆነ ተማሪ የትምህርት ክፍያ አያስከፍልም። አንድ ነገር ደግሞ ልብ በይ። ይህ እርዳታ ከኳሱ ጋር የታሰረ አይደለም። ልጅሽ በሁለተኛው ዓመት ጉልበቱን ቢጎዳ ወይም «በቃኝ» ቢል እርዳታው አይነጠቅም። እንደ እኔ ለቤተሰብ ከሁሉ የሚበልጠው ይህ ነው።

ስለ ጭንቅላት፣ በዚህ ነገር ከሌሎቹ ቀድመዋል። ከስምንቱ አንዱ የሆነው የዳርትማውዝ አሰልጣኝ የነበረው ባዲ ቲቨንስ በ2010 ልምምድ ላይ ተጫዋቾቹ እርስ በርስ መጣጣላቸውን አቆመ። ብዙ ሰው ቡድኑ ይዳከማል ብሎ ነበር። ዳርትማውዝ ግን በ2015 የሊጉን ዋንጫ ተጋራ። የዩኒቨርሲቲው የምህንድስና ሰዎች ደግሞ እየተንቀሳቀሰ የሚጣል አሻንጉሊት ሮቦት ሠሩላቸው። በ2016 ሙሉ ሊጉ በውድድር ወቅት ልምምድ ላይ መጣጣልን ከለከለ። በዚያው ዓመት የመጀመሪያው ምት ከ35 ያርድ ወደ 40 ተገፋ። በዚያ ምት ላይ ሁለቱም ወገን በፍጥነት እየሮጠ ስለሚጋጭ ጭንቅላት የሚመታው ብዙ ጊዜ እዚያ ነበር። ከለውጡ በኋላ በዚያ ምት የሚደርሰው የአንጎል መናወጥ በግልጽ ቀነሰ።

አደጋው ጠፋ ማለት አይደለም። በጨዋታ ቀን ያው ፉትቦል ነው። ግን ልጅሽን የሚመለምል ማንኛውንም አሰልጣኝ «በሳምንት ስንት ቀን ትጣጣላላችሁ?» ብለሽ ፊት ለፊት ጠይቂ። የሚሰጥሽ መልስ ብዙ ይነግርሻል።


አራት_ኪሎ_ልጅ፦

እኔ ትንሽ ልቃወም። «ገንዘብ አንሰጥም፣ ትምህርት ይቀድማል» የሚለው ጥሩ ይመስላል። ግን እነዚህ ዩኒቨርሲቲዎች ለተጫዋች የሚሰጡት ከገንዘብ የሚበልጥ ነገር ነው። በሩን ይከፍቱለታል። ሃርቫርድ ተከስሶ ፍርድ ቤት ሲቀርብ በወጣው መረጃ፣ ለስፖርት ከተመለመሉት አመልካቾች 86 ከመቶ ያህሉ ነበር የተቀበለው። ያኔ ከመቶ አምስትና ስድስት ሰው ብቻ ይገባበት በነበረ ግቢ ማለት ነው። የእኛ ልጆች ሌሊት እያጠኑ በሚሻሙት ወንበር ላይ ነው ይህ የሚሆነው።

ፉትቦል ብቻ ቢሆን ምንም አልልም። መቅዘፍ አለ፣ ጀልባ አለ፣ ስኳሽ አለ፣ ፌንሲንግ አለ። እነዚህን የሚጫወት ልጅ ያለው ማን ነው? ሜሪላንድ ውስጥ ስንት ሐበሻ ጀልባ ሲቀዝፍ አይታችኋል? በሕዝብ ፊት «ለስፖርት አንከፍልም» እያሉ በጓሮ ለሀብታም ልጅ መግቢያ ያዘጋጃሉ። እኔ ይህን ማፈግፈግ አልለውም።


ዶርቼስተር፦

አራት ኪሎ፣ ስለ ጀልባውና ስለ ስኳሹ እውነትህን ነው። ፉትቦሉን ግን ለይተህ እየው። ከትንሽ የኦሃዮ ከተማ፣ ከቴክሳስ፣ ከደቡብ ካሊፎርኒያ፣ ከሠራተኛ ቤተሰብ የመጣ ልጅ ሃርቫርድ የሚገባበት አንዱ መንገድ እሱ ነው። የእህታችን ልጅም ቢገባ በዚያው መንገድ ነው። እሱን ዘግተህ ጀልባውን ብትተው ማን ይጎዳል?


ታሪክ_ፈላጊ፦

የመግቢያው ነገር ከተነሳ፣ ሁለት ታሪኮች ሳይነገሩ እንዳያልፉ።

አንዱ የዊሊያም ሄንሪ ልዊስ ነው። በ1868 ቨርጂኒያ ውስጥ ከባርነት ነጻ ከወጡ ወላጆች ተወለደ። አምኸርስት ኮሌጅ ገብቶ የፉትቦል ቡድኑ አምበል ሆነ። ከዚያ ሃርቫርድ ሕግ ሊማር ሄደና ለዩኒቨርሲቲው ተጫወተ። በ1892ና በ1893 የአገሪቱ ምርጥ አሥራ አንድ ውስጥ ገባ፤ እዚያ ዝርዝር ውስጥ የገባ የመጀመሪያው ጥቁር ነው። ከዚያ ሃርቫርድን አሠለጠነ። በ1911 ደግሞ በፕሬዚዳንት ታፍት ጊዜ የአገሪቱ ምክትል ጠቅላይ ዐቃቤ ሕግ ሆኖ ተሾመ። በዚያ ዘመን ጥቁር ሰው እዚህ ሥልጣን ላይ ሲደርስ አስቡት። የኳስ ሜዳው ብቻውን አላደረሰውም፤ ግን በሩን ከከፈቱለት አንዱ ነው። ዬል ግን ጥቁር አምበል ያገኘው ሊቫይ ጃክሰን ለ1949 ውድድር ሲመረጥ ነው። ከልዊስ በኋላ ከግማሽ ምዕተ ዓመት በላይ ሄዷል።

ሁለተኛው የካርላይል ነው። ፔንሲልቬኒያ ውስጥ በ1879 የተከፈተ የአሜሪካ ቀደምት ሕዝቦች ልጆች አዳሪ ትምህርት ቤት ነበር። ዓላማው አሳዛኝ ነው፤ ልጆቹን ከቋንቋቸውና ከባህላቸው መንቀል ነበር። ፀጉራቸውን ቆርጦ፣ ስማቸውን ቀይሮ ነው የሚያሳድጋቸው። እነዚህ ልጆች ከነጮቹ ፉትቦልን ተማሩ። ኖቬምበር 11, 1911 ሃርቫርድ ስታዲየም ገብተው ሃርቫርድን 18 ለ 15 አሸነፉ። ተጫዋቻቸው ጂም ቶርፕ ያን ቀን አራት የእግር ጎል አገባ። ይኸው ቶርፕ በዓመቱ ስቶክሆልም ኦሊምፒክ ሁለት ወርቅ ወሰደ።

የፉትቦልን ታሪክ በሃርቫርድና በዬል ልጆች ብቻ የሚተርክ ሰው ይህን ግጥሚያ ሲያሳንሰው ያናድደኛል። ጨዋታውን ለገዢዎች ልጆች ሠሩት። አገራቸውን የተቀሙ ልጆች ደግሞ በዚያው ሕግ፣ በዚያው ሜዳ አሸነፏቸው። ለእኔ ትልቁ የሃርቫርድ ስታዲየም ቀን ያ ነው።


ካዛንቺስ_10፦

ታሪክ ፈላጊ፣ ይህን አላውቅም ነበር። ብላክበርን ኦሊምፒክን ስጽፍ የአሜሪካው አቻ ይኖራል ብዬ አልጠበቅሁም። እጅ ነስቻለሁ።


ሺካጎ_ሐይቅ፦

ከእኛ ከተማ ደግሞ ይህን ውሰዱ። ወደ ኋላ አሉ ከተባለ የሺካጎ ዩኒቨርሲቲን የሚያህል የለም።

አሞስ አሎንዞ ስታግ ዬል የተማረ፣ የዋልተር ካምፕ ደቀ መዝሙር የሚባል ተጫዋች ነው። ዩኒቨርሲቲው በ1892 ሥራ ሲጀምር አብሮ ተቀጠረ፤ አርባ ዓመት አሠለጠነ። ዩኒቨርሲቲው ሕንጻ ገና ሳይሞላለት ፉትቦል ነበረው። ቡድኑ ትልቅ ነበር። ለዓመቱ ምርጥ የዩኒቨርሲቲ ተጫዋች የሚሰጠው የሃይስማን ሽልማት በ1935 ሲጀመር የመጀመሪያው ተሸላሚ የሺካጎው ጄይ በርዋንገር ነው። በዓመቱ ኤንኤፍኤል ተጫዋች መምረጥ ሲጀምርም መጀመሪያ የተጠራው ስም የእሱ ነበር። አልሄደም፤ ሌላ ሥራ መረጠ።

ከዚያ ቡድኑ ወደቀ። በ1939 በሚሺጋን 85 ለ 0፣ በሃርቫርድ 61 ለ 0፣ በኦሃዮ ስቴትም 61 ለ 0 ተሸነፈ። ፕሬዚዳንቱ ሮበርት ሜይናርድ ሃቺንስ ኳስና ዩኒቨርሲቲ አብረው አይሄዱም የሚል ሰው ነበር። በዚያው ዓመት መጨረሻ ፉትቦሉን ዘጋው። ስታዲየሙ ባዶውን ቆመ። ዲሴምበር 2, 1942 ኤንሪኮ ፌርሚና ባልደረቦቹ ከተመልካች መቀመጫው ሥር ባለ ክፍል ውስጥ በሰው ቁጥጥር ሥር የዋለውን የመጀመሪያውን የኒውክሌር ሰንሰለታዊ ሂደት አስጀመሩ። ዛሬ ስታዲየሙ የለም፤ የዩኒቨርሲቲው ትልቁ ቤተ መጻሕፍት ቆሞበታል።

ሃቺንስ ትክክል ነበር እላለሁ። ዩኒቨርሲቲው በምንም አልቀነሰም። ፉትቦል በ1969 በትንሽ ደረጃ ተመልሷል፤ ተማሪው ለደስታው ይጫወታል፣ በቃ። እንደዚህ መሆን ይቻላል።


ቻርልስ_ወንዝ፦

ሁላችሁንም አንብቤያለሁ፤ አሁን የእኔን ልበል።

በእኔ እምነት ከእጃቸው ተነጥቋል፤ እነሱም አልታገሉም። ያልታገሉት ደግሞ ስለማያስፈልጋቸው ነው። ዬል በ1914 ከ70,000 ሰው በላይ የሚይዘውን ስታዲየም ዬል ቦውልን ከፈተ። በመክፈቻው ቀን ሃርቫርድ 36 ለ 0 አሸንፎ ድግሱን አበላሸባቸው። ካሊፎርኒያ፣ ፓሳዴና ያለው ሮዝ ቦውል ስታዲየም በ1922 ሲሠራ ያንን አይቶ ነው። ሃርቫርድም በጃንዋሪ 1, 1920 ካሊፎርኒያ ሄዶ ኦሪገንን 7 ለ 6 አሸንፏል። እስከዚህ ድረስ ቁንጮዎቹ እነሱ ናቸው።

ከዚያ ግን የክፍለ ሀገር ዩኒቨርሲቲዎች ጨዋታው ምን እንደሚሠራላቸው ገባቸው። አላባማ በጃንዋሪ 1, 1926 እዚያው ፓሳዴና ላይ ዋሽንግተንን 20 ለ 19 ሲያሸንፍ መላው ደቡብ እንደ ራሱ ድል አከበረው። አላባማ በአንድ ከሰዓት አገር አወቀው። ሃርቫርድ ግን ለመታወቅ ኳስ አያስፈልገውም። ዲግሪው ራሱ ይበቃዋል። ስለዚህ ውድድሩ ብዙ ገንዘብና ብዙ ሐፍረት ሲጠይቅ፣ እነሱ በ1945 ፈርመው ዞር አሉ። ሺካጎ ሐይቅ፣ ሃቺንስን አከብረዋለሁ። ግን እሱም መዝጋት የቻለው ሌላ የሚኮራበት ነገር ስላለው ነው። ይህን ለአላባማ ወይም ለኔብራስካ ፕሬዚዳንት ንገረው።

አራት ኪሎ፣ አንተ ያልከውም ከዚህ ጋር ይገጥማል። ገንዘቡን ለቀቁ፤ መግቢያውን ግን ያዙ። የቀረባቸው ኳሱ ነው፤ ኳሱ ዙሪያ ያለው ሕይወት አልቀረም። ዬል ከ1889 ጀምሮ በሜዳ ዳር የሚያቆመው ቡልዶግ ውሻ አለ፤ አገሩ ሁሉ ከዚያ ተማረ። የቀድሞ ተማሪዎች በየዓመቱ የሚገናኙበት፣ አዛውንቱ የኩባንያ ኃላፊ ከወጣቱ ጋር አንድ ወንበር ላይ የሚቀመጥበት ቀን የጨዋታው ቀን ነው። ሥራ የሚገኘው፣ ትዳር የሚጀመረው እዚያ ነው። የሃርቫርድና የዬል ልጆች በዕድሜ ልካቸው የሚጠሩትም ያንን ቀን ነው።

ለምን እንደሆነ የሚያሳየው 1968 ነው። ኖቬምበር 23 ሁለቱም ሳይሸነፉ እያንዳንዳቸው 8 ድል ይዘው ሃርቫርድ ስታዲየም ተገናኙ። ዬል ጎበዝ ነበር፤ ኋላ በኤንኤፍኤል ለዳላስ የተጫወተው ካልቪን ሂል ነበረው። ለሃርቫርድ ከተሰለፉት አንዱ ዛሬ ተዋናይ የሆነው ቶሚ ሊ ጆንስ ነው፤ ከቬትናም ግንባር የተመለሰ ተጫዋችም ነበራቸው። 42 ሰከንድ ሲቀር ዬል 29 ለ 13 ይመራል። ሃርቫርድ በዚያች ቅጽበት 16 ነጥብ አግብቶ 29 ለ 29 አደረገው። የሃርቫርድ ተማሪዎች ጋዜጣ «ሃርቫርድ ዬልን 29 ለ 29 አሸነፈ» ብሎ ጻፈ። ያ ዓመት ኪንግና ሮበርት ኬኔዲ የተገደሉበት፣ ተማሪው ሁሉ ስለ ጦርነቱ የተከፋፈለበት ነው። ያን ቀን ግን በስታዲየሙ ያለ ሁሉ አንድ ነገር አይቶ ወጣ።


ኒው_ሄቨን_ነርስ፦

እኔ የምኖረው ዬል ቦውል አቅራቢያ ነው። ጨዋታ ባለ ቀን የመኪና ማቆሚያው ከጠዋት ጀምሮ ጥብስ በጥብስ ነው፤ የከተማው ሰው ግን ብዙ አይሄድም። ይህን ቻርልስ አልነካውም። የዩኒቨርሲቲው ደስታ ሰፈሩ ውስጥ ሆኖም የሰፈሩ ላይሆን ይችላል።

በኖቬምበር 2019 ደግሞ አዲስ ነገር ሆነ። እረፍት ላይ የሁለቱም ዩኒቨርሲቲዎች ተማሪዎችና የቀድሞ ተማሪዎች ሜዳው መሃል ገብተው ተቀመጡ። ዩኒቨርሲቲዎቹ ገንዘባቸውን ከነዳጅ ኩባንያዎች እንዲያወጡ ነው የጠየቁት። ጨዋታው አንድ ሰዓት ያህል ዘገየ፤ ፖሊስም ብዙዎቹን ያዘ። ስታዲየሙ የራሱ መብራት ስላልነበረው በመጨረሻ ኳሱ በግድ እየታየ ነው የተጫወቱት። በሁለተኛው ተጨማሪ ጊዜ ዬል 50 ለ 43 አሸነፈ። አንዳንዱ ጨዋታችንን አበላሹ ብሎ ተቆጣ። እኔ ግን የገባቸው ይመስለኛል። ባለሀብቱ የቀድሞ ተማሪ፣ አስተዳዳሪውና ካሜራው በአንድ ቦታ የሚገኙት በዓመት አንድ ቀን ነው። በ2021 ሃርቫርድ ከእነዚያ ኩባንያዎች እንደሚወጣ አስታወቀ። በዚያ ቀን ብቻ የመጣ አይደለም፤ ለዓመታት የተገፋ ነገር ነው። ግን ያ ቀን ድርሻ ነበረው።


አራት_ኪሎ_ልጅ፦

ነርሷ የተናገረችው ተመችቶኛል። አንድ ነገር ልጨምር። አሁን ትልልቆቹ ዩኒቨርሲቲዎች ከ2025 ጀምሮ ለተጫዋቾች በቀጥታ መክፈል ጀምረዋል። አይቪ ሊግ አንገባበትም ብሏል። ተጫዋች ሆኜ ባስበው፣ ለአራት ዓመት ጭንቅላቴን አስመትቼ ሌላው ሲከፈለው እኔ «ትምህርት ይበቃሃል» ስባል ደስ አይለኝም።


ዶርቼስተር፦

እኔ ደግሞ ከአይቪ ዲግሪ ይዞ የሚወጣው ልጅ ተበደለ አልልም። ለዋንጫ የሚጓጓ ካለ ደግሞ እሱም ተከፍቷል። ከ1956 ጀምሮ የሊጉ ሻምፒዮን ወደ ብሔራዊ ማጣሪያ አይሄድም ነበር። በዲሴምበር 2024 ወሰኑና ከ2025 ጀምሮ መሄድ ተፈቀደ። ልጆቹ ራሳቸው ናቸው ጠይቀው ያስፈቀዱት። ያ ጥሩ ምልክት ነው።


ሜሪላንድ_እናት፦

ሁላችሁንም አመሰግናለሁ። ስለ ልምምዱ ያልሽኝን ጥያቄ፣ ዶርቼስተር፣ ለአሰልጣኙ ጽፌዋለሁ። ልጄን አንድ ጊዜ ይዤው ሄጄ ቦታውን ቢያይ ደስ ይለኛል። የሃርቫርድና የዬሉ ጨዋታ መቼና የት ነው የሚሆነው?


ዶርቼስተር፦

እህቴ፣ እኔ ወንድምሽ ነኝ፤ ምንም አይደለም። በየዓመቱ ኖቬምበር ሦስተኛው ወይም አራተኛው ቅዳሜ አካባቢ ነው፣ ቀን ላይ። ቁጥሩ ሙሉ በሆነ ዓመት በሃርቫርድ ከተማ በካምብሪጅ በኩል፣ ጎደሎ በሆነ ዓመት ኒው ሄቨን ይደረጋል። ስለዚህ 2026 እኛ ጋ፣ ቦስተን ነው። ቀዩን ባቡር ይዛችሁ ሃርቫርድ ጣቢያ ውረዱ፣ ድልድዩን በእግር ተሻገሩ፣ ስታዲየሙ ፊት ለፊታችሁ ነው። ትኬቱን ቀደም ብላችሁ ግዙ፤ የዬል ዓመት ቶሎ ያልቃል። ኮንክሪቱ ላይ ስለሚቀመጥ ወፍራም ጃኬትና የሚነጠፍ ነገር ያዙ። ከመጣችሁ እዚህ ጻፉልኝ፤ ከጨዋታው በኋላ ቤት ምሳ አለ።